ለፈጠራ ዓለማችሁ የትኛው ዘመን አቆጣጠር ይሻላል?

ልብ ወለድ፣ ኮሚክ ወይም ጌም እየሠራችሁ ነው እንበል። ዓለሙ የራሳችሁ ፈጠራ ነው። ካርታው አልቋል፤ ነገሥታቱም ስም ወጥቶላቸዋል። ከዚያ አንዷ ገጸ ባሕርይ «መቼ ነው የምትመለሰው?» ብላ ትጠይቃለች። መልሱን ለመጻፍ ስትነሡ ነገሩ ይያዛል። «ሐሙስ» ይባል? «በጥቅምት» ይባል? ጥቅምት እዚያ ዓለም ውስጥ ከየት መጣ?

አብዛኛው ሰው እዚህ ላይ ሲደርስ ወዲያው ስም ማውጣት ይጀምራል። 12 የወር ስም፣ 7 የቀን ስም፣ አለቀ። ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ግን ስሞቹ ለደራሲው ራሱ ይጠፉበታል። ለአንባቢውማ ከመጀመሪያውም ምንም አልነገሩትም።

እኔ ከስም በፊት አንድ ጥያቄ ይመለስ ባይ ነኝ። በዚያ ዓለም ቀን ቢዛባ የሚጎዳው ማን ነው? ገበሬው ከሆነ ዘሩ ከንቱ ይቀራል። ተበዳሪው ከሆነ ዕዳው ሳይዘጋጅ ይደርስበታል። ካህኑ ከሆነ በዓሉ ያለ ቀኑ ይውላል። እነዚህ ሰዎች ሰማያቸው አንድ ቢሆንም የሚቆጥሩት ለየቅል ነው። ገበሬው ፀሐይን ይከተላል፤ ወቅት የሚፈራረቀው በእሷ ነውና። ዓሣ አጥማጁ ጨረቃን ይከተላል፤ የባሕሩ ሙላትና ጉድለት ከጨረቃ ጋር ስለሚሄድ። ቤተ መንግሥቱ የንጉሡን ዘመን ይቆጥራል። ነጋዴው ከገበያ እስከ ገበያ ነው። ታሪኩ የማን እንደሆነ ካወቃችሁ የምርጫው ግማሽ አለቀ ማለት ነው። ከታች ያሉትን አማራጮች የማወዳድራቸውም በዚሁ ጥያቄ ነው።

ያለውን አቆጣጠር እንዳለ መውሰድ

365 ቀን፣ 12 ወር፣ የ7 ቀን ሳምንት። ቀላሉ መንገድ ይሄ ነው። ዓለም የሚፈጥሩ ሰዎች ብዙ ጊዜ ይንቁታል። እኔ አልንቀውም። ታሪኩ ስለ ሁለት እህትማማቾች ጠብ ከሆነ፣ ቀን መዛባቱም ማንንም የማይጎዳ ከሆነ፣ ይሄ በቂ ነው። «ሦስት ወር አለፈ» ስትሉ አንባቢው ስንት እንደሆነ ወዲያው ይገባዋል፤ ሳይደናቀፍ ያልፋል።

ጣጣው ያለው ስም መቀየሩ ላይ ነው። ወሩ ከእኛው ወር ጋር አንድ ከሆነ፣ አዲስ ስም መስጠት አንባቢውን በከንቱ ቃል ማሸምደድ ነው። ስለዚህ ይህን ከመረጣችሁ ስም አትፍጠሩ። «ዝናቡ ባቆመ በሁለተኛው ወር»፣ «እህሉ ሊታጨድ ሲል»፣ «ቀኑ ባጠረበት ሰሞን» በሉ። ገጸ ባሕርያቱም በእንዲህ ዓይነት ቋንቋ ቢያወሩ ማንም ሰው «ቀን መቁጠሪያቸው የታለ?» አይልም።

እኩል ወራት ያሉት የፀሐይ አቆጣጠር

ለአብዛኛው ሥራ የምመክረው ይህን ነው። ዓመቱን እኩል እኩል ወራት ላይ ታካፍላላችሁ፤ የተረፉትን ቀናት ዳር ላይ ታስቀምጣላችሁ። የጥንት ግብፆች 12 ወር በ30 በ30 አድርገው፣ ላዩ ላይ 5 ቀን ጨምረውበት ሺህ ዓመታት ተጠቅመውበታል። የእኛም አቆጣጠር በዚሁ መንገድ ነው የሚሄደው፤ ጳጉሜን ባይኖር 360 ላይ ይቆም ነበር።

የዚህ አቆጣጠር ሀብት ያለው እነዚያ ትርፍ ቀናት ላይ ነው። በየትኛውም ወር ውስጥ የሉም። የማን ናቸው? ግብፆች ለአምስት አማልክት ልደት ሰጧቸው፤ ኦሳይረስ፣ ሆረስ፣ ሴት፣ ኢሲስና ኔፍቲስ አንዳንድ ቀን ደረሳቸው። ማያዎች ደግሞ የ20 ቀን ወር ነበራቸው። 18 ወር ቆጥረው 5 ቀን ሲተርፋቸው «ዋየብ» ብለው ይፈሩት ነበር። ቁጥሩ ያው 5 ነው። አንዱ ሕዝብ ለአማልክቱ ልደት ሰጠው፣ ሌላው ክፉ ቀን አደረገው። እናንተም እዚህ ላይ ጊዜ ወስዳችሁ አስቡ። በእነዚያ ቀናት የተወለደ ሕፃን የየትኛው ዓመት ልጅ ነው? ለትርፍ ቀናት የቤት ኪራይ ይከፈላል? ሕጉ «በማናቸውም ወር ሰይፍ የመዘዘ ይቀጣል» ካለ፣ ወር በሌለበት ቀን ሰይፍ የመዘዘስ? አንድ ሙሉ ታሪክ ከዚህ ይወጣል። ሌላ ምንም ባትጨምሩ እንኳ።

ሁለተኛው ሀብት መንሸራተት ነው። የምድር ዓመት 365.2422 ቀን ነው እንጂ ድፍን 365 አይደለም። ግብፆች ግን በየአራት ዓመቱ አንድ ቀን አይጨምሩም ነበር። ስለዚህ አቆጣጠራቸው በ4 ዓመት አንድ ቀን፣ በ120 ዓመት አንድ ወር ከወቅቱ ይፋቀቅ ነበር። በዚህ ስሌት ዞሮ ቦታው እስኪገባ 1460 ዓመት ገደማ ይፈጃል። ይህን ወደ ፈጠራ ዓለም አምጡት። መንግሥቱ ከተመሠረተ 700 ዓመት ሆኖታል እንበል። አቆጣጠሩ 175 ቀን ተንሸራቷል። «የመከር በዓል» የሚባለው አሁን የሚውለው በዘር ጊዜ ነው። ሕዝቡ ጎተራው ባዶ ሆኖ የጥጋብ መዝሙር ይዘምራል። ለምን እንደሆነ ማንም አያስታውስም። የዓለማችሁን እርጅና በገጽ ሙሉ ታሪክ ከመተረክ ይሄ ይበልጣል።

እኩልነቱን በጣም ካጠበቃችሁት ግን ሌላ ነገር ይሆናል። 13 ወር በ28 በ28 ቀን ብታደርጉ 364 ይመጣል፤ አንድ ቀን ይተርፋል። ያኔ እያንዳንዱ ወር በአንድ ዓይነት ቀን ይጀምራል። ኮዳክ የተባለው የፎቶግራፍ ኩባንያ ይህን ዓይነት አቆጣጠር ከ1928 እስከ 1989 እ.ኤ.አ. ለውስጥ ሥራው ተጠቅሞበታል። ለሒሳብ ሠራተኛ ምቹ ነው። ነገር ግን 13 ወር ለሁለትም ለአራትም አይካፈልም፤ የሩብ ዓመት ግብር ወር መሃል ላይ ይወድቃል። ሁሉም ነገር በመዝገብ ለሚመራበት፣ ከላይ ወደ ታች ለሚታዘዝ መንግሥት ይስማማል። ከእረኞች መንደር በቅሎ የወጣ ለማስመሰል ግን አይሆንም።

ከላይ የተጫነ አቆጣጠር ምን እንደሚገጥመው ማየት የሚፈልግ ደግሞ የፈረንሳይ አብዮትን ይመልከት። እ.ኤ.አ. በ1793 አዲስ አቆጣጠር ታወጀ። 12 ወር በ30 ቀን፣ ሳምንቱ 10 ቀን። ወሮቹ በአየር ጠባይ ተሰየሙ፤ የጉም ወር፣ የበረዶ ወር፣ የሙቀት ወር። ስሞቹ ለፓሪስ ጥሩ ነበሩ። በረዶ አይቶ ለማያውቅ የካሪቢያን ቅኝ ግዛት ግን ምንም አይነግሩም። ከሁሉ በላይ ደግሞ ሠራተኛው በ7 ቀን አንዴ ያርፍ የነበረው በ10 ቀን አንዴ ሆነበት። አቆጣጠሩ በ1805 መጨረሻ ላይ ቀረ። በፈጠራ ዓለማችሁ ገዢው አቆጣጠር ከለወጠ፣ ተራው ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው ስለ ዕረፍቱ እንደሚሆን አትርሱ።

የጨረቃ አቆጣጠር

ከአዲስ ጨረቃ እስከ አዲስ ጨረቃ 29 ቀን ተኩል ያህል ነው። ስለዚህ አንዱ ወር 29፣ አንዱ 30 ይሆናል። 12ቱ ሲደመሩ 354 ቀን ናቸው። ከፀሐይ ዓመት በ11 ቀን ያህል ያንሳሉ። በየዓመቱ 11 ቀን ወደ ኋላ እየተሳበ ወሩ በ33 ዓመት ገደማ ወቅቶቹን ሁሉ ዞሮ ይጨርሳል። የሂጅራ አቆጣጠር ዛሬም የሚሠራው በዚህ መንገድ ነው።

የዚህ አቆጣጠር ትልቁ ጥቅሙ የማንም ንብረት አለመሆኑ ነው። መጽሐፍ አይጠይቅም፤ ሒሳብ አዋቂ አይጠይቅም። ቀና ብሎ ሰማይ ያየ ሁሉ ወሩ ምን ያህል እንደሄደ ያውቃል። በረሃ ለሚያቋርጡ፣ ባሕር ላይ ለሚኖሩ፣ ጽሕፈት ለሌላቸው ሕዝቦች ከዚህ የተሻለ የለም። ብዙ ዓመት ለሚሸፍን ታሪክም ውብ ነገር ይሰጣል። ጀግናዋ ልጅ ሳለች በብርድ ያከበረችውን በዓል ከ16 ዓመት በኋላ በሙቀቱ ወር ታከብረዋለች። ዕድሜ መሄዱን ሳትናገሩ ነገራችሁ ማለት ነው።

ተጎጂው ገበሬ ነው። እስቲ አንድ ውል ቀረብ ብለን እንይ። አንድ ገበሬ ከጨረቃ ቆጣሪ ነጋዴ ዘር ይበደራል። ቀኑ የአዝመራ መሰብሰቢያ ነው። «በሦስተኛው ዓመት፣ በዛሬዋ ቀን እከፍላለሁ» ይላል። ሁለቱም ጣታቸውን ያትማሉ። ለገበሬው ሦስት ዓመት ማለት ሦስት አዝመራ፣ 1096 ቀን ገደማ ነው። ለነጋዴው 36 ጨረቃ፣ 1063 ቀን ነው። የነጋዴው ሰዎች በ33 ቀን ቀድመው ደጃፉ ላይ ይቆማሉ። እህሉ ገና እሸት ነው። ማንም አልዋሸም፤ ማንም ውል አላፈረሰም። ዳኛው ግን የሚፈርደው በአንዱ አቆጣጠር ነው። በየትኛው? ይህን የመሰለ ግጭት ለማግኘት ጠንቋይም ዘንዶም አያስፈልግም።

ስለዚህ በአንድ ዓለም ሁለት ሕዝብ ካላችሁ፣ አንዱን ለፀሐይ ሌላውን ለጨረቃ ስጡ። ሁለት ውስብስብ አቆጣጠር ከመፍጠር፣ ሁለት ቀላል አቆጣጠሮችን ማጋጨት እጅግ የበለጠ ያዋጣል።

ጨረቃና ፀሐይን ያስታረቀ አቆጣጠር

የበዓል ቀን በጨረቃ እንዲሆን፣ ነገር ግን ከወቅቱ እንዳይወጣ የሚፈልግ ሕዝብ ምን ያደርጋል? አልፎ አልፎ 13ኛ የጨረቃ ወር ይጨምራል። ሰማዩም ይተባበራል፤ 19 የፀሐይ ዓመት ከ235 የጨረቃ ወር ጋር በጣም ይቀራረባል። በ19 ዓመት ውስጥ 7 ወር ቢጨመር ሁለቱ ይታረቃሉ። ባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም የቤተ ክርስቲያንን የበዓላት ቀን ማስያ፣ የተማረ ሰው ይህን በደንብ ያውቀዋል። ወንበር የሚባለው ቁጥር የሚገኘው ዓመቱን ለ19 አካፍሎ ከሚተርፈው ነው፤ አበቅቴ የሚባለው ደግሞ ወንበሩን በ11 በማባዛት። ያ 11 ቁጥር የጨረቃና የፀሐይ ዓመት ልዩነት ነው።

ለተንኮል ታሪክ ከዚህ የሚበልጥ አቆጣጠር አላውቅም። ምክንያቱም አንድ ሰው «ዘንድሮ ወር ይጨመር» ብሎ መወሰን አለበት። የወሰነው ሰው ሥልጣን አለው። በባቢሎን ንጉሥ ሐሙራቢ ለአንድ ሹሙ የጻፈው ደብዳቤ እስከ ዛሬ አለ። በዚህ ዓመት አንድ ወር እንዲጨመር ያዛል። ቀጥሎ ግን በሚመጣው ወር ሊገባ የነበረው ግብር በዚሁ በተጨመረው ወር ወደ ባቢሎን እንዲገባ ያዛል። ልብ በሉ፤ ወሩ ተጨመረ፣ የግብሩ ጊዜ ግን አልተራዘመም። ንጉሡ ማን እንደሚጎዳ አስቀድሞ አስቦበታል።

ሮማውያን ዘንድ ደግሞ ወር የመጨመር ሥልጣን የሊቃነ ካህናቱ ነበር። እነሱም ወዳጃቸው ሹመት ላይ ሲሆን ዓመቱን ያስረዝማሉ፤ ጠላታቸው ሲሆን ያሳጥራሉ ተብለው ይከሰሱ ነበር። ነገሩ ከወቅቱ እጅግ ስለራቀ ዩልዮስ ቄሳር ከክርስቶስ ልደት በፊት በ46፣ ዓመቱን እስከ 445 ቀን አስረዝሞ ነው ያስተካከለው። 445 ቀን የፈጀ ዓመት! በፈጠራ ዓለም ብትጽፉት «አጋነነ» የሚላችሁ ሰው አይጠፋም።

ይህን አማራጭ ለመምረጥ ግን ዝግጁ መሆን አለባችሁ። አንባቢው የ19 ዓመቱን ዑደት ማወቅ አያስፈልገውም፤ እናንተ ግን ያስፈልጋችኋል። በየትኛው ዓመት ወር እንደተጨመረ በወረቀት ካልያዛችሁ፣ በሁለተኛው መጽሐፍ የልጅቱ ዕድሜ ከእናቷ ጋር ይጋጫል። የታሪኩ ልብ ሥልጣን፣ ቤተ መቅደስ ወይም የተደበቀ ዕውቀት ካልሆነ ይቅርባችሁ።

ሁለት ዑደት፣ ሁለት ጨረቃ

ፋንታሲ የሚጽፍ ሰው ሁለት ጨረቃ ሰማይ ላይ መስቀል ይወዳል። ያምራልም። ግን እያንዳንዱ ጨረቃ የቤት ሥራ ነው።

መጀመሪያ ሒሳቡን እንይ። አንደኛዋ ጨረቃ በ24 ቀን፣ ሁለተኛዋ በ36 ቀን ትሞላለች ካላችሁ፣ ሁለቱም አንድ ሌሊት የሚሞሉት በየ72 ቀኑ ነው። ይሄ ለትንቢት በጣም ይበዛል። በዓመት አምስት ጊዜ የሚመጣ ነገር ማንንም አያስደነግጥም። 20 እና 27 ብታደርጓቸው 540 ቀን ይሆናል። 29 እና 41 ካደረጋችኋቸው 1189 ቀን፣ ከሦስት ዓመት በላይ ማለት ነው። ትንቢት፣ ንግሥ ወይም አስፈሪ ሌሊት ለማስቀመጥ ይሄኛው ይስማማል። ብቻ አንድ ነገር ተጠንቀቁ፤ በአንድ ቀን ልዩነት የሚሞሉበት «ደረሰ ሊባል የሚችል» ሌሊት በመሃል መምጣቱ አይቀርም። ለዓይን ልዩነቱ አይታይም። ያ ጉድለት አይደለም። «ዛሬ ነው» እና «አይደለም» በሚሉ ሁለት ወገኖች መካከል የሚነሣው ክርክር ከዚያ ይመጣል።

ጨረቃ ሳይጨምሩም ሁለት ዑደት ማጠላለፍ ይቻላል። ማያዎች የ260 ቀን ቅዱስ ዑደት እና የ365 ቀን ዓመት አብረው ያስኬዱ ነበር። እያንዳንዱ ቀን ሁለት ስም አለው። ተመሳሳዩ ጥንድ ስም የሚመለሰው ከ18,980 ቀን በኋላ ነው፤ 52 ዓመት። አንድ ሰው የተወለደበትን ጥንድ ቀን ደግሞ የሚያየው፣ ከታደለ፣ በሕይወቱ አንዴ ነው። በጃቫ ደሴት የ5 ቀን የገበያ ሳምንትና የ7 ቀኑ ሳምንት ጎን ለጎን ይሄዳሉ፤ በ35 ቀን ይገናኛሉ። ለዕጣ ፈንታ፣ ለስም አወጣጥ፣ ለጋብቻ ቀን መረጣ የሚሆን ዓለም እየሠራችሁ ከሆነ ይሄኛውን ውሰዱ። ታሪኩ ጦርነትና ጉዞ ብቻ ከሆነ ግን ድካሙ አይካስም።

ቁጥር የሌለው አቆጣጠር

ብዙ የፈጠራ ዓለም «በሦስተኛው ዘመን በ1247 ዓመት» እያለ ይጀምራል። ታሪክ ጸሐፊ ካልሆነ በቀር እንዲህ የሚያወራ ሰው በየትኛውም ዓለም ጥቂት ነው። አሦራውያን ዓመቱን በዚያ ዓመት በተሾመ ሹም ስም ይጠሩት ነበር። ሮማውያን ደግሞ በዓመቱ በተሾሙት ሁለት የበላይ ሹሞች (ቆንስሎች) ስም። ጃፓኖች ዛሬም የንጉሠ ነገሥቱን ዘመን ስም ይጠቀማሉ፤ ሬይዋ የተባለው የአሁኑ ዘመን የጀመረው እ.ኤ.አ. ሜይ 1 ቀን 2019 ነው።

ይሄ አቆጣጠር አንባቢን ምንም አያደክመውም። «ወንዙ ቤተ መንግሥቱን በበላበት ዓመት ነው የተወለድኩት» የምትል አሮጊት በአንድ ዐረፍተ ነገር ዕድሜዋንም ታሪኩንም ነገረችን። ንጉሥ ሲሻር ደግሞ ጥያቄ ይነሣል። የተሻረው ንጉሥ ዓመታት ይቆጠራሉ ወይስ ይፋቃሉ? በእሱ ዘመን የተጻፈ የመሬት ሰነድ ዋጋ አለው? ስለ አብዮትና ስለ ወራሪ መንግሥት ለሚጽፍ ሰው ወርቅ ነው።

የሚጎዳው የታሪክ መዝጋቢው ነው፤ ማለትም እናንተ። ስለዚህ ለአንባቢ የማታሳዩት አንድ ተራ ቆጠራ ያዙ። ኤክሴል ላይ ቀን 1፣ ቀን 2፣ ቀን 3 እያላችሁ ክስተቶቹን አስቀምጡ። የሥነ ፈለክ ባለሙያዎችም እንዲህ ነው የሚሠሩት። የየአገሩ አቆጣጠር እንዳያምታታቸው ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ4713 ጀምሮ ቀን በቀን የሚሄድ አንድ ቆጠራ አላቸው። ይህን ምክር የትኛውንም አማራጭ ብትመርጡ ተግብሩት።

ሳምንትን ለብቻው አስቡ

ቀንና ዓመት ከሰማይ ይመጣሉ። ሳምንት ግን የሰው ስምምነት ነው። ግብፅ 10 ቀን፣ ጥንታዊት ሮም ከገበያ እስከ ገበያ 8 ቀን፣ ጃቫ 5 ቀን። ስለዚህ ዓለማችሁ ልዩ እንዲሆን ብዙ ሳትደክሙ የምትነኩት ቦታ ይሄ ነው። የዕለት ኑሮ የሚለካው በሳምንት ስለሆነ አንባቢው ቶሎ ይሰማዋል።

ምን ያህል ሊሰማ እንደሚችል ከሶቭየት ኅብረት መማር ይቻላል። እ.ኤ.አ. በ1929 ፋብሪካ እንዳይቆም ተብሎ የ5 ቀን ሳምንት ገባ። ሠራተኛው በአምስት ምድብ ተከፈለ፤ እያንዳንዱ ምድብ ቀለም ተሰጠው። በየቀኑ አንድ ቀለም ያርፋል፤ አራቱ ይሠራሉ። ባል ቢጫ፣ ሚስት አረንጓዴ ከሆነች የዕረፍት ቀናቸው አይገናኝም። ጓደኛም እንዲሁ፤ የእምነት ጉባኤም እንዲሁ። በ1931 ሁሉም አብሮ የሚያርፍበት የ6 ቀን ሳምንት ተተካ። ወደ 7 ቀን የተመለሱት በ1940 ነው። ስለ ጭቆና የምትጽፉ ከሆነ ወታደርና ጅራፍ ሳታሳዩ፣ ባልና ሚስትን በቀለም ብቻ መለያየት ትችላላችሁ።

የዓመቱን ርዝመት ከመቀየራችሁ በፊት

«የእኔ ዓለም ዓመት 500 ቀን ነው» ማለት ቀላል ነው። ከዚያ ግን ጀግናው 20 ዓመቱ ነው ትላላችሁ። አንባቢው የ20 ዓመት ጎረምሳ ያያል። በሒሳብ ግን ሰውየው 10,000 ቀን ኖሯል፤ በእኛ ከ27 ዓመት በላይ ነው። ዓመቱን 300 ቀን ካደረጋችሁት ደግሞ ያው የ20 ዓመት ሰው በእኛ 16 ዓመት ከጥቂት ወር ነው። ጋብቻ፣ ሹመት፣ ውትድርና፣ ሁሉም ይዛባል። አንባቢው በየገጹ ሲያባዛ አይኖርም። ረጅሙ ዓመት ለታሪኩ ግድ ካልሆነ ከ350 እስከ 380 ባለው መካከል ብትቆዩ ይሻላል። ግድ ከሆነ ደግሞ ዕድሜን በሌላ ነገር ይቁጠሩ፤ በክረምት፣ በጨረቃ፣ በሥራ ደረጃ።

ወቅትንም አብራችሁ እዩ። የምድር ወቅቶች የሚመጡት ዘንጓ 23.4 ዲግሪ ያህል ስላዘመመ ነው። ዓለማችሁ ካላዘመመ ወቅት አይፈራረቅም ማለት ይቻላል። ያኔ ገበሬው ዓመት መቁጠር ለምን ያስፈልገዋል? እንዲህ ባለ ዓለም የጨረቃ ወይም የገበያ ቆጠራ ብቻ ቢኖር የበለጠ ያሳምናል።

አቆጣጠር መሃል ላይ ሲቀየር

አንዳንዱ ታሪክ የሚፈልገው አዲስ አቆጣጠር ሳይሆን የለውጥ ቀን ነው። እ.ኤ.አ. በ1582 የጎርጎርዮስ አቆጣጠር ሲገባ፣ በተቀበሉት አገሮች ከሐሙስ ኦክቶበር 4 ቀጥሎ የመጣው ዓርብ ኦክቶበር 15 ነበር። 10 ቀን ተዘለለ፤ የሳምንቱ ቀን ግን አልተነካም። ብሪታንያ ይህን የተቀበለችው በ1752 ነው፤ 11 ቀን ዘለለች። ግብር አስከፋዩ ግን ቀኑ እንዳይጎድልበት ማርች 25 ይጀምር የነበረውን የሒሳብ ዓመት ወደ ፊት ገፋው። የብሪታንያ የግብር ዓመት ዛሬም ኤፕሪል 6 የሚጀምረው ከዚያ በተረፈ ነገር ነው። ሩሲያ እስከ 1918 በአሮጌው ቆየች። «የጥቅምት» የተባለው አብዮቷ በአዲሱ አቆጣጠር ኖቬምበር 7 ላይ የዋለው ለዚህ ነው።

በዓለማችሁ እንዲህ ያለ ለውጥ ካስገባችሁ ንጉሡ አዋጁን ሲያነብ ማሳየት ብዙ አይጠቅምም። በወር የሚከፈለው አሽከር የተዘለሉት ቀናት ደሞዝ ይቆረጥበት እንደሆነ አሳዩ።

ለየትኛው ሥራ የትኛው?

ለረጅም ልብ ወለድ እኩል ወራት ያሉትን የፀሐይ አቆጣጠር፣ አልያም ቁጥር የሌለውን እመርጣለሁ። ሁለቱን ማዋሃድም ይቻላል፤ መዝገብ ቤቱ በወርና በቀን፣ መንደሩ በክስተት ይቁጠር።

ለኮሚክ ግን ጨረቃን አስቀድሙ። ሰማዩ በሥዕል ስለሚታይ ስሕተት አይደበቅም። በጨረቃ አቆጣጠር ወሩ በገባ በ15ኛው ሌሊት ጨረቃዋ ሁልጊዜ ሙሉ ናት፤ ሠዓሊው ቀኑን ካወቀ ምን እንደሚሥል ያውቃል። በፀሐይ አቆጣጠር ከሄዳችሁ ለእያንዳንዱ ሌሊት ለብቻው ማስላት አለባችሁ። በጨረቃ አቆጣጠር ሄዳችሁ በ15ኛው ሌሊት በድቅድቅ ጨለማ የሚያመልጥ እስረኛ ካለም ማምለጫውን ወደ ወሩ መጀመሪያ አምጡት።

ለጌም ደግሞ ሌላ ነው። ተጫዋቹ ራሱ ቀን ያሰላል፤ ጉዞው 17 ቀን ከፈጀ መቼ እንደሚደርስ በቃሉ ማወቅ አለበት። ስለዚህ ወሩ ሁሉ 30 ቀን ይሁን፤ ሳምንቱም 30ን ያለ ትርፍ የሚያካፍል፣ 5 ወይም 6 ወይም 10። 7 ቀን ካስገባችሁ ወሩ 28 ይሁን። ትርፍ ቀናቱን ዓመቱ መጨረሻ ላይ አንድ ላይ አድርጓቸው፤ በእነሱ ጊዜ ሱቅ ይዘጋ፣ ተልእኮ አይሰጥ፣ ጠላትም መንገድ አይውጣ። ቀኑ ደግሞ በስንት ሰዓት እንደሚቀየር ከመጀመሪያው ወስኑ። ፀሐይ ስትጠልቅ ነው? ጎሕ ሲቀድ? እኩለ ሌሊት? «እስከ ነገ አድርስ» የተባለ ተጫዋች ማምሻውን ቢደርስ አልፎበታል ወይስ አላለፈበትም የሚለው በዚህ ነው የሚወሰነው፤ ሕጉ ላይ ካልተጻፈም ከመጀመሪያው ጨዋታ ጀምሮ ያጨቃጭቃል።